የሥራ ዘመኑ ያለፈ ማኅተም

የቀበሌ ምክር ቤት ከኢትዮጵያ የመንግሥት እርከኖች የመጨረሻው ቢሆንም ለገበሬው የመጀመሪያው ነው። በ1994 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 59 ተሻሽሎ የወጣው የአማራ ክልል ሕገ መንግሥት ቀበሌን የወረዳ ቅርንጫፍ አላደረገውም። በነዋሪው በቀጥታ የሚመረጥ ምክር ቤት፣ ከዚያ ምክር ቤት የሚወጣ አስተዳደርና የራሱ ማኅበራዊ ፍርድ ቤት ሰጥቶታል። የተመራጮቹ የሥራ ዘመን 5 ዓመት ነው። ይህ ሁሉ ተጽፎ እያለ በደብረ ማርቆስና በዙሪያዋ ባሉት የጎዛምን፣ የስናን፣ የማቻከልና የአነደድ ወረዳዎች የቀበሌ ምርጫ ወሬ ሲነሳ አብዛኛው ሰው፣ ሕግ የተማረውም ሳይቀር፣ ጉዳዩን የመንግሥት ፈቃድ አድርጎ ያየዋል። ሲመቸው ያካሂደዋል፣ ካልተመቸው ያቆየዋል፤ ቀን የተቆረጠለት የተወካዮች ምክር ቤት ምርጫ ብቻ ነው ይባላል። ይህ አስተያየት በሕግ ሚዛን ላይ ሲቀመጥ አይቆምም። የቀበሌ ምርጫን በጊዜው ማካሄድ ግዴታ ነው። ጊዜው ካለፈ በኋላም ግዴታው አይሞትም፤ ምርጫው በዘገየ ቁጥር በወንበሩ ላይ የቆየው ምክር ቤት ሥልጣን እየጠበበ ይሄዳል።

ቀኑን የቆረጠው ማን ነው?

ስሕተቱ ከየት እንደመጣ መገመት አያስቸግርም። የፌዴራሉ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 54(1) የተወካዮች ምክር ቤት አባላት ለ5 ዓመት እንደሚመረጡ ይደነግጋል፤ አንቀጽ 58(3) ደግሞ የምክር ቤቱ ዘመን ከማብቃቱ ከአንድ ወር በፊት አዲስ ምርጫ ተካሂዶ መጠናቀቅ እንዳለበት ይናገራል። ስለ ቀበሌ እንዲህ ያለ ቁጥር በፌዴራሉ ሰነድ ውስጥ አይገኝም። ከዚህ ተነስቶ «እንግዲያው ግዴታም የለም» ማለት ግን አንቀጽ 38ን ዘሎ ማንበብ ነው። አንቀጹ ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በማናቸውም የመንግሥት ደረጃ፣ በየጊዜው በሚካሄድ ምርጫ የመምረጥና የመመረጥ መብት እንዳለው ይገልጻል። ክብደቱ ያለው በሁለት ቃላት ላይ ነው። «በማናቸውም» የሚለው ቀበሌን ከአዲስ አበባው ምክር ቤት እኩል ያስገባዋል፤ «በየጊዜው» የሚለው ደግሞ አንዴ መርጦ መቀመጥን ይከለክላል። አንቀጽ 50(4) ይህንን ያጠናክረዋል፤ ሕዝቡ በቀጥታ በአስተዳደሩ ይሳተፍ ዘንድ ለዝቅተኛው እርከን በቂ ሥልጣን ይሰጠው ይላልና። ቁጥሩ በፌዴራሉ ሰነድ ያልተጻፈው አርቃቂዎቹ ረስተውት አይደለም። አገሪቱ ፌዴራላዊ ስለሆነች ከክልል በታች ያለውን አደረጃጀት መወሰን ለክልሎች የተተወ ነው። የአማራ ክልልም ወስኖ 5 ዓመት ብሎ ጽፏል።

ተጠያቂው አካል የትኛው ነው የሚለው ሁለተኛው ብዥታ ነው። ብዙ ጊዜ ጣት የሚቀሰረው በብሔራዊ ምርጫ ቦርድ ላይ ነው። ቦርዱ በአንቀጽ 102 መሠረት በፌዴራልም በክልልም ምርጫን በገለልተኝነት ያስፈጽማል፤ ድምፅ መስጫ ጣቢያ የሚከፍተው፣ መራጭ የሚመዘግበው፣ ወረቀት የሚያሳትመው እሱ ነው። ነገር ግን የቀበሌን ምክር ቤት ያቋቋመው፣ ዘመኑን የወሰነው፣ የወንበሩን ቁጥር የሚቆርጠው ክልሉ ነው። ስለዚህ «ዘመኑ አልቋል፣ ይመረጥ» ብሎ መነሳት ያለበት ባሕር ዳር የተቀመጠው የክልሉ ምክር ቤት ነው። እስካሁን በተግባር የታየው ግን የተገላቢጦሽ ነው፤ የአካባቢ ምርጫ ሲራዘም ውሳኔው የሚሰማው ከአዲስ አበባ ነው። በክልል ሕገ መንግሥት ውስጥ የተጻፈን የሥራ ዘመን የፌዴራል ምክር ቤት በውሳኔ ማራዘም ይችላል ወይ የሚለው ጥያቄ በወጉ ተነስቶ መልስ ሳያገኝ ቆይቷል። የክልሉ ሕገ መንግሥት የሚሻሻልበት የራሱ ሥርዓት አለው፤ በውሳኔ ብቻ ዘመን ማስረዘም ያንን ሥርዓት በጓሮ በር ማለፍ ነው።

መዘግየት እንዴት ልማድ ሆነ?

መዘግየቱ የዛሬ በሽታ አይደለም። በ1993 የተመረጡት የቀበሌና የወረዳ ምክር ቤቶች ዘመናቸው በ1998 ማብቃት ነበረበት። ነገር ግን ከ1997 ምርጫ በኋላ በተፈጠረው ቀውስ ምክንያት ምርጫው ተገፍቶ ሚያዝያ 5 እና 12 ቀን 2000 ተካሄደ። ሁለት ዓመት ያህል ዘግይቶም ቢሆን ተካሄደ። ቀጣዩ በጊዜው መጣ፤ ሚያዝያ 6 እና 13 ቀን 2005 በመላ አገሪቱ ከ3.6 ሚሊዮን በላይ ለሆኑ ወንበሮች ድምፅ ተሰጠ። 33 ተቃዋሚ ፓርቲዎች ራሳቸውን ስላገለሉ ከጥቂት ወንበሮች በቀር ሁሉም በኢሕአዴግና በአጋሮቹ እጅ ገቡ። በጎጃም ደጋ ገበሬው ለቀበሌው ድምፅ የሰጠበት የመጨረሻው ቀን ይህ ነው።

በ2010 መካሄድ የነበረበት ምርጫ በአገሪቱ አለመረጋጋት ምክንያት በተወካዮች ምክር ቤት ውሳኔ ተራዘመ፤ በ2011 ደግሞ ከጠቅላላ ምርጫው ጋር ይሁን ተባለ። ነሐሴ 23 ቀን 2012 ታስቦ የነበረው ጠቅላላ ምርጫ በኮቪድ ምክንያት እንደማይካሄድ ቦርዱ መጋቢት 22 ቀን አስታወቀ። የፌዴሬሽን ምክር ቤት ሰኔ 3 ቀን 2012 ሕገ መንግሥቱን ተርጉሞ የምክር ቤቶችን ዘመን አራዘመ፤ ወረርሽኙ የሕዝብ ጤና ስጋት አለመሆኑ ከተገለጸ በኋላ ከ9 ወር እስከ 1 ዓመት ባለው ጊዜ ምርጫ እንዲደረግም ወሰነ። ሰኔ 14 ቀን 2013 ጠቅላላ ምርጫው ሲካሄድ የአዲስ አበባና የድሬዳዋ ምክር ቤቶች ጉዳይ አብሮ ተነሳ፤ የቀበሌና የወረዳ ምክር ቤቶች ግን ተረሱ። የፌዴሬሽን ምክር ቤቱን ውሳኔ ዛሬም ለቀበሌ ምክር ቤቶች መጠለያ አድርጎ የሚጠቅስ አለ። ውሳኔው ግን ከወረርሽኝ ጋር የተጣበቀ፣ መጨረሻ የተቆረጠለት፣ ለጠቅላላ ምርጫው ጥያቄ የተሰጠ መልስ ነበር። በሰኔ 2013 ሣጥን ከተከፈተ በኋላ ያ መጠለያ የለም። በ2015 ደግሞ አንድ ሙሉ የ5 ዓመት ዘመን ያለ ምርጫ አለፈ።

ስሌቱን በሰው ዕድሜ ማየት ይሻላል። የፌዴራሉ ሕገ መንግሥት በሥራ ላይ የዋለው ነሐሴ 15 ቀን 1987 ነው። ከዚያ ቀን ወዲህ የተወለደ ሰው 18 ዓመት የሚሞላው ከነሐሴ 2005 በኋላ ነው፤ የመጨረሻው የቀበሌ ምርጫ ደግሞ ሚያዝያ 2005 ላይ አልፏል። በዚህ ሕገ መንግሥት ዘመን በጎጃም የተወለደ አንድም ሰው የቀበሌውን ምክር ቤት መርጦ አያውቅም ማለት ነው።

በጎጃም ቀበሌ ማለት መሬት ነው

የመንደር ምክር ቤት ሥራ በሌላ አገር ስለ መብራትና ስለ ቆሻሻ ሊሆን ይችላል። በጎጃም ደጋ የሥልጣን ጉዳይ ዞሮ ዞሮ የሚያርፈው መሬት ላይ ነው። በርስቱ ዘመን ጭቃ ሹሙ ግብር ሰብሳቢም ዳኛም ነበር፤ በአንዳንድ ቦታ ሹመቱ በርስተኞቹ መካከል በዓመት በዓመት በተራ ይዞር ነበር። ምርጫ አይባልም፤ ተራው የሚያልቅበት ቀን ግን ይታወቅ ነበር። በ1958 የወጣው የአካባቢ ራስ አስተዳደር ትእዛዝ አውራጃዎችን በምክር ቤት ለማስተዳደር ቢያስብም ፓርላማው የገንዘብ ምንጩን ስላላጸደቀው ከሙከራ አላለፈም። ሁለት ዓመት ሳይቆይ የእርሻ ሥራ ገቢ ግብር አዋጅ መጣና የሞጣና የቢቸና ገበሬ በ1960 ሸፈተ። ያስቆጣው የብሩ መጠን ብቻ አልነበረም። ከላይ የተላከ ገማች ማሳውን ረግጦ መገመቱ ነገ ርስቱን ለመለካትና ለመንጠቅ መንገድ ይከፍታል የሚል ስጋት ነበረበት። ንጉሠ ነገሥቱ በመጨረሻ ጠቅላይ ገዥውን ደጃዝማች ፀሐዩ እንቁ ሥላሴን ከጎጃም አንስተው ውዝፍ ግብር ማሩ።

የካቲት 25 ቀን 1967 የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ የገበሬ ማኅበራትን ሲያቋቁም መሬት የማከፋፈሉን ሥራ ለማኅበሩ ሰጠ፤ አንድ ማኅበር ቢያንስ 20 ጋሻ ወይም 800 ሄክታር እንዲይዝ ተደረገ። የዛሬው የገጠር ቀበሌ የዚያ ማኅበር ልጅ ነው። ከዚያ በኋላ ለመጣው የ1989ኙ የመሬት ድልድል የሚሰጠው ቦታ ከሚገባው ያነሰ ነው፤ ጎጃሜ ስለ ቀበሌ ሥልጣን የሚያውቀውን አብዛኛውን የተማረው ከዚያ ነው። በአማራ ክልል በአዋጅ የተካሄደው ይህ ድልድል ገበሬውን በፖለቲካ መለያ ከፋፈለው። በንጉሡ ዘመን ሹመት የነበረው «ፊውዳል»፣ በደርግ ዘመን በገበሬ ማኅበር ያገለገለው ደግሞ «ቢሮክራት» ተባለ። ሌላው ገበሬ እስከ 3 ሄክታር ማቆየት ሲችል ቢሮክራት የተባለው 1 ሄክታር፣ በጎጃም አቆጣጠር 4 ቃዳ ብቻ ቀረለት። በማኅበር ውስጥ ጸሐፊ ወይም የኮሚቴ አባል የነበረ ሰው ጎረቤቶቹ መርጠውት በመሥራቱ መሬቱን አጣ። ማን ቢሮክራት ነው የሚለው የሚለየው በየቀበሌው ነበር። አቤቱታ ያቀረቡ ገበሬዎች አዲስ አበባ ድረስ ዘለቁ፤ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎችም በዚያው ዓመት ለነሱ ድጋፍ ሰልፍ ወጡ። የቀበሌ ኮሚቴ በአንድ ስብሰባ የሰውን ኑሮ መገልበጥ እንደሚችል ያየ ሕዝብ፣ ያንን ኮሚቴ ማን እንደመረጠውና እስከ መቼ እንደሚቀመጥ መጠየቁ አይደንቅም።

ከዚያ ወዲህ ነገሩ ተሻሽሏል፤ ይህም መነገር አለበት። ለገበሬው የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር የመስጠቱ ሙከራ በክልሉ ከተጀመረባቸው ሁለት ቦታዎች አንዱ እዚሁ ደብረ ማርቆስ አጠገብ፣ በጎዛምን ወረዳ የአዲስና ጉሊት ቀበሌ ነበር። ምዝገባውን የመሩት ነዋሪው የመረጣቸው የቀበሌና የንዑስ ቀበሌ የመሬት አስተዳደርና አጠቃቀም ኮሚቴዎች ናቸው፤ የማን ድንበር እስከየት እንደሆነ ከጎረቤት የተሻለ የሚያውቅ የለምና። ይኸው ደብተር ቀበሌን የበለጠ አስፈላጊ አደረገው። በአንድ የደጋ ቀበሌ ጽሕፈት ቤት ደጃፍ የሚታየው ይህ ነው፦ ቆርቆሮ ክዳን፣ የጭቃ ግድግዳ፣ አንድ አግዳሚ። ገበሬው ደብተሩን በላስቲክ ጠቅልሎ በጋቢው ሥር ይዞ ይመጣል፤ ለልጁ ሊያወርስ፣ ለተወሰነ ዓመት ሊያከራይ፣ ወይም ከወንድሙ ጋር ወሰን ሊለይ። ደብዳቤው በእጅ ይጻፋል። ሊቀመንበሩ ማኅተሙን ከኮቱ ኪስ አውጥቶ በሰማያዊው ቀለም ላይ ጫን፣ ከዚያ ወረቀቱ ላይ ጫን ያደርጋል፤ ቀለሙ ደርቆ ከሆነ እፍ ይልበታል። በክቡ ውስጥ የክልሉ፣ የወረዳውና የቀበሌው ስም ይነበባል። ማኅተሙ ዘመኑ መቼ እንዳበቃ የሚናገር ምልክት የለውም።

«ቢመረጥስ ምን ይለወጣል?»

ከተቃራኒዎቹ አስተያየቶች ሁሉ ጠንካራው ይህ ነው፤ የሚሰማውም ከገዥዎች ሳይሆን ከገበሬውና ከተማረው ወጣት አፍ ነው። ከ1997 በኋላ የቀበሌ ምክር ቤቶች አባላት ቁጥር ከ15 አካባቢ ተነስቶ እስከ 300 እንዲደርስ ተደረገ። በወረቀት ላይ ዴሞክራሲ የሰፋ ይመስላል። በተግባር ግን ተወዳዳሪ በሌለበት ሜዳ በየጎጡ የፓርቲ አባል መመልመያ ሆነ፤ ምክር ቤቱም ከልማት ቡድንና ከአንድ ለአምስት አደረጃጀት ጋር ተደባልቆ ወረዳው የሚያወርደውን ዕቅድ ከማጨብጨብ ሌላ ሥራ አልነበረውም። እንዲህ ያለውን ምርጫ ደግሞ ማካሄድ የገበሬውን የሥራ ቀን ማባከን ነው ይላሉ። በ2000 እና በ2005 ስለሆነው የሚሉት እውነት ነው። መደምደሚያቸው ግን መነሻቸውን ያፈርሰዋል። ምርጫ ሲራዘም ወንበሩ ባዶ አይቀመጥም፤ ወንበሩ ላይ የሚቆየው በዚያው በሚነቀፈው ምርጫ የገባው ሰው ነው። የ2005ን ምርጫ ባዶ ነው ብሎ የናቀ ሰው የ2005 ምክር ቤት ያለ ገደብ እንዲቀጥል መፍቀድ አይችልም። ከ2005 ተመራጮች ውስጥ የሞተው፣ ከተማ የገባው፣ ሥራ የለቀቀው እየበዛ ሲሄድ ደግሞ ማሟያ ምርጫ ከሌለ ቦታው የሚሞላው በሹመት ብቻ ነው። ያኔ ምክር ቤቱን ከመራጩ ጋር ያያዘችው ቀጭን ክር ራሷ ትበጠሳለች።

ሁለተኛው መከራከሪያ ሰላም ነው። ከ2015 ወዲህ ጎጃም ውስጥ ጦርነት ባለበት፣ ስልክና መንገድ በሚዘጋበት ሁኔታ የምርጫ ሣጥን ይዞ ወደ ቀበሌ መውጣት መራጩንም አስመራጩንም ለአደጋ ማጋለጥ ነው። ይህን የሚክድ የለም፤ ጥይት በሚተኮስበት ቀን ምርጫ ይደረግ የሚል ሕግም የለም። ሆኖም ሁለት ነገር መለየት አለበት። አንደኛ፣ ምርጫው የቀረው በ2010 ነው፤ በክልሉ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ የታወጀው ሐምሌ 28 ቀን 2015 ነው። ከዚያ በፊት ላሉት 5 ዓመታት ጦርነቱ ምክንያት ሊሆን አይችልም። ሁለተኛ፣ ሕገ መንግሥቱ ለችግር ጊዜ የሰጠው መሣሪያ ልኬት አለው። በአንቀጽ 93 መሠረት የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ የሚጸናው ለ6 ወር ነው፤ ሲያስፈልግ በየ4 ወሩ በምክር ቤት ይታደሳል፣ ካልታደሰ ይወድቃል። የአማራው አዋጅ ራሱ አንዴ ታድሶ በ2016 አብቅቷል። መድፍና ታንክ የሚያንቀሳቅሰው አዋጅ በወራት ተለክቶ ሲያበቃ፣ የቀበሌ ምርጫ መራዘም ግን ያለ አዋጅ፣ ያለ ቀነ ገደብ፣ በዝምታ ይቀጥላል። ችግሩ መራዘሙ ብቻ ቢሆን ይቻል ነበር፤ ማን፣ በየትኛው ሕግ፣ እስከ መቼ እንዳራዘመው የሚገልጽ ወረቀት አለመኖሩ ነው የከበደው።

ሌሎች አገሮች ይህንን ፈተና አይተውታል። ሕንድ በ73ኛው የሕገ መንግሥት ማሻሻያዋ፣ እ.ኤ.አ. በ1993 በጸናው፣ የመንደር ምክር ቤት ዘመን 5 ዓመት ብቻ እንደሆነና ምርጫው ከዚያ በፊት መጠናቀቅ እንዳለበት ጻፈች። ምክር ቤቱ ከጊዜው በፊት ከፈረሰ ደግሞ የ6 ወር ገደብ አለ። ከሁሉም የሚያስተምረው ግን የደቡብ አፍሪካው ነው። እ.ኤ.አ. በ2021 በኮቪድ ምክንያት የአካባቢ ምርጫው ወደ የካቲት 2022 ይገፋ ዘንድ አንድ የቀድሞ የአገሪቱ ምክትል ዋና ዳኛ አጥንተው መከሩ፤ የምርጫ ኮሚሽኑም በዚያ መሠረት የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱን ጠየቀ። ፍርድ ቤቱ ሕገ መንግሥቱ የጻፈውን ቀነ ገደብ ማለፍ አይቻልም ብሎ ጥያቄውን አልተቀበለም፤ ምርጫው ኅዳር መግቢያ ላይ፣ አፍንጫና አፍ ተሸፍኖ፣ ተካሄደ። ወረርሽኙ ያው፣ ዓመቱም የኢትዮጵያ ጠቅላላ ምርጫ የተደረገበት ያው ነበር።

የወጪው ነገር ብዙ አያከራክርም። 3.6 ሚሊዮን ወንበር ውድ ነው፤ ነገር ግን ያ ቁጥር ከሰማይ አልወረደም። አባላትን ወደ መቶዎች ያሳደገው ውሳኔ ነው፤ በሌላ ውሳኔ ሊቀነስ ይችላል። 30 ሰው ያለው ምክር ቤት ከ300ው የተሻለ ይከራከራል፣ ስሙም ይታወቃል። በዚያ ላይ በሰኔ 2013 የድምፅ መስጫ ሣጥን በምሥራቅ ጎጃም ቀበሌዎች ተቀምጦ ነበር፤ የተጠየቀው ግን ስለ ፌዴራልና ስለ ክልል ምክር ቤት ነው። ሣጥኑ ቀበሌ ድረስ ደርሶ ስለ ቀበሌው ሳይጠይቅ ተመለሰ።

ሽማግሌ፣ እድርና ሰንበቴ እያለ ቀበሌ ምን ያደርጋል የሚልም አለ። ደም ማድረቅና ባልና ሚስት ማስታረቅ ለሽማግሌ ይተው፤ የይዞታ ደብተር ላይ ስም ማዞር፣ መታወቂያ መስጠት፣ የማዳበሪያ ዝርዝር ማጽደቅ ግን የመንግሥት ሥልጣን ነው፤ የመንግሥት ሥልጣን ደግሞ የሚጠየቀው በድምፅ ነው።

ዘመኑ ያለፈ ምክር ቤት ምን ማድረግ ይችላል?

ከዚህ በኋላ የሚመጣው አስቸጋሪው ጥያቄ ነው። ምክር ቤቱ ዘመኑ ካለፈ ከ2010 ወዲህ የታተመው ወረቀት ሁሉ ፈራሽ ነው ማለት ይቻላል ወይ? አይቻልም። እንዲህ ቢባል መጀመሪያ የሚጎዳው መሬቱን ያወረሰው ገበሬ፣ መታወቂያ ይዞ ባንክ የገባው ወጣት፣ በማኅበራዊ ፍርድ ቤት የተረታለት ሰው ነው፤ አንዳቸውም ምርጫውን አላዘገዩም። በቅን ልቦና ማኅተሙን ያመነ ሰው በማኅተሙ ባለቤት ጥፋት መብቱን ማጣት የለበትም። ስለዚህ የዕለት ተዕለት አገልግሎቱና የተሰጡት ማስረጃዎች ይጸናሉ።

ሌላው ሥልጣን ግን የተለየ ሚዛን ይፈልጋል፤ ሚዛኑም ከሕገ መንግሥቱ ራሱ ይገኛል። አንቀጽ 60(5) የተወካዮች ምክር ቤት ሲበተን አዲስ ምርጫ እስኪደረግ ሥልጣን ላይ የሚቆየው ወገን የዕለት ተዕለት ሥራ ከማከናወንና ምርጫ ከማዘጋጀት ውጭ አዲስ አዋጅ፣ ደንብና ድንጋጌ እንዳያወጣ፣ ነባሩንም እንዳይለውጥ ይከለክላል። የአገሪቱ መንግሥት እንዲህ ከታሰረ ዘመኑ ያለፈበት የቀበሌ ምክር ቤት የበለጠ ነፃነት የሚያገኝበት ምክንያት አይታይም። የወል ግጦሽን ቆርሶ ለአዲስ ተጠቃሚ ማከፋፈል፣ ነዋሪው ያልመከረበትን መዋጮ መጣል፣ የማኅበራዊ ፍርድ ቤት ዳኞችን እንዳሻው መለዋወጥ፣ ቀበሌን ከቀበሌ ማዋሐድና መክፈል አዲስ ውክልና የሚጠይቁ ሥራዎች ናቸው። ዘመኑ ያለፈ ምክር ቤት እነዚህን ማሳደር እንጂ መወሰን የለበትም።

ይህን በግልጽ ማስቀመጥ የሚችለው የክልሉ ምክር ቤት ነው። አዋጁ ረጅም መሆን አያስፈልገውም። የቀበሌና የወረዳ ምክር ቤት ዘመን ሲያልፍ በጠባቂነት ብቻ እንደሚቆዩ፣ መራዘም የሚቻለው በምክንያትና በቀን ተወስኖ እንደሆነ፣ ምርጫው በመላው ክልል በአንድ ቀን መሆን እንደማይገባው ቢደነግግ ይበቃል። የመጨረሻው ነጥብ ለጎጃም ወሳኝ ነው። የ2013 ጠቅላላ ምርጫ ራሱ ባልተመቻቸው ቦታዎች ቆይቶ መስከረም 20 ቀን 2014 በሁለተኛ ዙር ተደርጓል፤ ስለዚህ አንዱ ወረዳ ሰላም እስኪያገኝ ሌላው የሚጠብቅበት ሕጋዊ ምክንያት የለም። ቅደም ተከተሉም ከመሬት ኮሚቴዎቹ ቢጀምር ይመረጣል። አባላቱ ጥቂት ናቸው፤ ተመራጩን ጎጡ በስሙም በምግባሩም ያውቀዋል፤ እጃቸው ላይ ያለው መዝገብም የገበሬውን ደብተር በየቀኑ የሚነካው ነው።